የሰርግ ባለሙያዎችን የት እናሳድር? ከሰሜን ሸዋ ደጋሾች ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ትንሽ ሰርግ የሚደግስ ቤተሰብ ብዙ ነገር ያስባል። ጠላው መቼ እንደሚጠመቅ፣ ድንኳኑ የት እንደሚተከል፣ ሚዜዎቹ ምን እንደሚለብሱ ቀድሞ ይመከርበታል። ፎቶ አንሺው የት እንደሚያድር ግን ብዙ ጊዜ ትዝ የሚለው በዋዜማው ማታ ነው። ሥራዬ ሰርግ ማስተባበር ስለሆነ ይህ ነገር ሲረሳ ምን እንደሚመጣ አያለሁ። ማታ አልጋ ፍለጋ ሲዞር ያመሸ ካሜራማን ጠዋት ያስታውቃል፤ ሥራውም ላይ ያስታውቃል። ከደብረ ብርሃን፣ ከአንኮበር፣ ከደብረ ሲና፣ ከሸዋ ሮቢትና ከመንዝ ደጋሾች አዘውትረው የሚጠይቁኝን ከነመልሱ እነሆ።

አዲስ አበባ ቅርብ ነው። ሠርተው ቢመለሱስ? ማሳደር የግድ ነው?

ደብረ ብርሃን ከአዲስ አበባ 130 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ሲሰሙት ቅርብ ነው። ችግሩ ያለው ሰዓቱ ላይ ነው። በተክሊል የሚጋቡ ሙሽሮች ለቅዳሴ ቤተ ክርስቲያን መድረስ አለባቸው። ስለዚህ ሙሽራዋ ለፀጉርና ለሜካፕ የምትቀመጠው ከሌሊቱ 9 ወይም 10 ሰዓት ላይ ነው። ሜካፕ ሠሪዋ በዚያ ሰዓት እንድትደርስ ከአዲስ አበባ እኩለ ሌሊት ላይ ልትነሳ ነው ማለት ነው። መንገዱ ደግሞ ወደ ደሴ የሚወጡ ከባድ መኪናዎች የሚመላለሱበት ነው። በዚህ ላይ የጸጥታው ሁኔታ አለ። ሰው በሌሊት ጉዞ አታስነሱ።

ሰርጉ ከደብረ ብርሃን ወዲያ ከሆነ ጭራሽ አይታሰብም። ጣርማ በር ከ3,000 ሜትር በላይ ነው። በጣልያን ጊዜ ከተቆፈረው ዋሻ ሲወጡ ጉም ሊጠብቃችሁ ይችላል፤ ከዚያ እስከ ደብረ ሲና ቁልቁለቱ ጠመዝማዛ ነው። አካባቢውን የማያውቅ ሾፌር በጨለማ ሊነዳበት አይገባም።

ማደር የማያስፈልጋቸውም አሉ። ኬክ አድርሶ የሚመለስ ሰው፣ ቀን ላይ ወንበርና ጠረጴዛ የሚያራግፍ መኪና፣ ከሰዓት ብቻ የሚሠራ የከተማው ዲጄ። የግድ የሚያድሩት ሌሊት ሥራ የሚጀምሩትና አምሽተው የሚጨርሱት ናቸው።

እኛ የምንጠራው 80 ሰው ነው። ስንት አልጋ ያስፈልገናል?

ከምታስቡት ይበልጣል። ተጋባዡ 80 ቢሆንም 300 ቢሆንም ካሜራው ያው ካሜራ ነው። ፎቶ አንሺ ከነረዳቱ 2፣ ቪዲዮ ቀራጭ 1፣ ሜካፕና ፀጉር ሠሪ 2፣ ዲኮር 3፣ ሾፌር 1 ብትሉ 9 ሰው ሆነ። በትንሽ ሰርግ እንኳ ይህን ያህል ይመጣል።

ከሁሉም በላይ የሚዘነጉት ረዳቱና ሾፌሩ ናቸው። ፎቶ አንሺው "እኔ ነኝ የምመጣው" ይላል፤ ቀኑ ሲደርስ ከመኪናው ሦስት ሰው ይወርዳል። ስለዚህ "ስንት ናችሁ?" ብቻ አትበሉ። "ሾፌሩን ጨምሮ የሚያድረውን ሰው ስም በሙሉ ላክልኝ" በሉ። ስም የሚጻፍ ከሆነ ሰው አስቦ ይቆጥራል።

ሌሊቱንም ለየብቻ ቁጠሩ። ዲኮር ሠሪዎች ዋዜማውን አድረው በሰርጉ ማታ ዕቃቸውን ነቅለው መሄድ የሚፈልጉበት ጊዜ አለ። ካሜራው ብዙውን ጊዜ ሁለቱንም ሌሊት ያድራል። ሜካፕ ሠሪዋ ሥራዋን ጠዋት ስለምትጨርስ አንድ ሌሊት ይበቃታል። ለሁሉም ሁለት ሁለት ሌሊት ከያዛችሁ የማይታደርበት ክፍል ትከፍላላችሁ።

የአልጋውን ሂሳብ ማን ነው የሚከፍለው?

ከከተማ ውጭ ሲጠሩ የአዳርና የምግብ ወጪ የጠሪው መሆኑ የተለመደ ነው። ልማድ ግን ውል አይሆንም። ቀብድ ከመክፈላችሁ በፊት ተነጋገሩ፤ የተነጋገራችሁትንም ጻፉት። ስንት ሰው፣ ስንት ሌሊት፣ ለብቻ ነው ወይስ ሁለት ለአንድ ክፍል፣ ምግብ ይጨምራል ወይ፣ ነዳጁ የማን ነው። ይህን በቴሌግራም ጽፋችሁ "ተስማምቻለሁ" የሚል መልስ ብታገኙ እንኳ ጥሩ ነው።

አንዳንዱ ባለሙያ "ብሩን ስጡኝ፣ እኔ እፈልጋለሁ" ይላል። ከተማውን የሚያውቅ ከሆነና ቀኑም ግርግር የሌለበት ከሆነ ይሁን። በጥር ግን አልመክርም። ብሩን ይዞ አልጋ ያጣ ሰው ማታ 3 ሰዓት ላይ የሚደውለው ለእናንተው ነው።

አልጋ መቼ ነው የሚያዘው?

የሰርጉ ቀን በተቆረጠ በማግስቱ። "ሰርገኛ መጣ በርበሬ ቀንጥሱ" የሚባለው ለዚህም ይሠራል።

ሰርግ የሚበዛው ከጥምቀት በኋላ ዐቢይ ጾም እስኪገባ፣ ከዚያም ከፋሲካ በኋላ ነው። ሁሉም ሰው በእነዚያው ቅዳሜና እሁዶች ይደግሳል፤ የሩቅ ዘመድም በእነዚያው ቀናት አልጋ ይይዛል። በዚህ ላይ የአካባቢው በዓላት አሉ። ጥር 11ና 12 የታወቀ ነው። ጥር 21 ደግሞ ብዙ ምዕመን ወደ ጻድቃኔ ማርያም ስለሚሄድ በመንገዱ ላይ ያሉት ከተሞች ይጨናነቃሉ። ደብረ ብርሃን ዩኒቨርሲቲ ተማሪ በሚያስመርቅበት ሰሞንም ወላጅ ከየክፍለ ሀገሩ ይመጣል። ቀናችሁ ከነዚህ ጋር የሚጋጭ ከሆነ አልጋውን ከድንኳኑ በፊት ያዙ።

በስልክ "ይያዝልኝ" ብሎ ማመን አያዋጣም። እንግዳ ተቀባዩ ፈረቃው ሲያልቅ ይወጣል፤ ተረኛው ደግሞ ጥሬ ብር ይዞ ለቆመው ሰው ይሰጣል። የተወሰነ ብር በቴሌብር ወይም በባንክ አስገቡና ደረሰኝ በስማችሁ ይቆረጥ። ሦስት ቀን ሲቀር ደውሉ። በዋዜማው ጠዋት ደግሞ አንድ ሰው በአካል ሄዶ ቁልፎቹን ይረከብ። ከደወሉት ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው።

ሆቴል ይሻላል፣ ፔንሲዮን ወይስ ዘመድ ቤት?

ብዙ ክርክር የሚነሳበት ይህ ነው። አጎት "ቤት እያለ ሆቴል ምን ያደርጋል? ነውር ነው" ይላሉ። እውነታቸውን ነው፤ በእኛ አገር እንግዳ ተቀብሎ አለማሳደር ያሳፍራል። አጎትን ሳታስቀይሙ ግን የሥራውን ጠባይ አስቡ።

ዘመድ ቤት ያደረ ባለሙያ ሲጫወት ያመሻል። ቡና ይፈላል፣ ጠላ ይቀዳል፣ "በሞቴ ይቺን ብቻ" ይባላል። እንቢ ማለት ይከብደዋል። ከሌሊቱ 9 ሰዓት ሲነሳ ቤተሰቡን ላለመቀስቀስ በጣቱ ይራመዳል። ካሜራውንና ባትሪዎቹን ልጆች በሚሯሯጡበት ሳሎን አስቀምጦ ደግሞ እንቅልፍ አይወስደውም። ሜካፕ ሠሪዋ ከማታውቃቸው ሰዎች ጋር አንድ ክፍል ውስጥ ማደር ሊከብዳት ይችላል፤ ግን አትናገርም።

እኔ እንዲህ እመክራለሁ። ሌሊት ሥራ ያለባቸውና ውድ ዕቃ የያዙት ፔንሲዮን ወይም ሆቴል ይደሩ። ዘመድ ቤት የሚያድሩት በዕድሜ ጠና ያሉ ወጥ ሠሪዎች፣ ለቤተሰቡ ቅርብ የሆኑ ሰዎች፣ ወይም ራሳቸው "ቤት ይሻለኛል" ያሉ ናቸው። አጎትን ደግሞ ሌላ ነገር ለምኗቸው፤ ባለሙያዎቹን የዋዜማ እራት ይጋብዙልን በሏቸው። ክብራቸውም ይጠበቃል፣ እንግዳውም ያርፋል።

በፔንሲዮንና በሆቴል መካከል ብዙ አትጨነቁ። ንጹሕ አንሶላ፣ የሚቆለፍ በርና የራሱ መጸዳጃ ያለው ፔንሲዮን፣ ታች ዘፈን ከሚያስጮህ ሆቴል ይሻላል። የምሽት ጭፈራ ያለበት ሆቴል ላይ ጎህ ሳይቀድ የሚነሳ ሰው አታሳድሩ።

ሁለት ሁለት አድርገን ብናሳድራቸው ይቀየማሉ?

ቀድማችሁ ከነገራችኋቸው አይቀየሙም። ስትይዙ ግን ተጠንቀቁ። አንዱ ሆቴል "ደብል" የሚለው ሁለት አልጋ ያለውን ነው፤ ሌላው አንድ ሰፊ አልጋ ነው የሚለው። ሁለት የማይተዋወቁ ወንዶች አንድ አልጋ ላይ እንዲተኙ ሆነው ክፍል ሲሰጣቸው አይታችሁ ከሆነ ለምን እንደምል ይገባችኋል። "ስንት ፍራሽ አለው?" ብላችሁ ጠይቁ።

ሴትና ወንድ ለየብቻ ይሁኑ፤ ይህ አያነጋግርም። ቀጥሎ የሚታየው ሰዓት ነው። ሌሊት 9 ሰዓት የምትነሳ ሜካፕ ሠሪ ከረዳቷ ጋር፣ ከእኩለ ሌሊት በኋላ የሚገባ ዲጄ ደግሞ እንደሱ ከሚያመሽ ሰው ጋር። ሾፌሩ ከተቻለ ለብቻው ይተኛ። በማግስቱ ሰው ጭኖ የሚሄደው እሱ ነው።

ክፍሉን ቀድሜ ሳይ ምን ልመልከት?

ከቻላችሁ ማታ ሂዱ። ቀን 8 ሰዓት ላይ ሁሉም ክፍል ጥሩ ነው። ማታ ስትሄዱ ግን ጫጫታው ይሰማል፣ አምፖሉ ስንት እንደሚያበራ ይታያል፣ ብርዱም ይታወቃል።

ሙቅ ውሃውን ራሳችሁ ክፈቱት። "አለ" ሲሏችሁ እስኪሞቅ ቆማችሁ ጠብቁ። በአንዳንድ ቤት ማሞቂያው በተወሰነ ሰዓት ብቻ ነው የሚበራው፤ ሌሊት ለሚነሳ ሰው እንዲበራለት አስቀድማችሁ ተነጋገሩ። ከዚያ ሶኬቱን እዩ። ፎቶ አንሺ ማታ የካሜራ ባትሪ፣ የፍላሽ ባትሪ፣ ስልክና ላፕቶፕ ይሰካል። ብዙ ክፍል ውስጥ ደግሞ ያለው አንድ ሶኬት ነው፤ እሱም ከአልጋው ራስጌ ጀርባ ተደብቆ፣ ቻርጀር ሲሰኩበት እየተንሸራተተ የሚወጣ። አንድ ደህና ኤክስቴንሽን ገዝታችሁ ከቁልፉ ጋር ስጡ። መብራት ቢጠፋ ጄነሬተር እንዳላቸውና እስከ ስንት ሰዓት እንደሚያስነሱት ጠይቁ።

በሩ ከውስጥም ከውጭም መቆለፍ አለበት። መኪና ግቢ ውስጥ የሚያድርበት ቦታና ጥበቃ መኖሩን እዩ፤ የዲኮር ዕቃ ማታ ሁሉ አይወርድም፣ መኪናው ላይ ያድራል። የምድር ቤት ክፍል ካለ ከባድ ዕቃ ለያዙት ስጡ። እንግዳ ሲገባ መታወቂያ ስለሚመዘገብ ሁሉም መታወቂያቸውን እንዲይዙ ቀድማችሁ ንገሯቸው፤ ረዳት ልጆች ብዙ ጊዜ ጥለው ይመጣሉ።

ስለ ብርዱ ማሳሰብ ያስፈልጋል?

በጣም! ደብረ ብርሃን ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። በታኅሣሥና በጥር ሌሊት ውርጭ ይጥላል። ከአዲስ አበባ የሚመጣ ሰው "እኛም ጋ ይበርዳል" ብሎ በስስ ጃኬት ይመጣል።

ለአንድ ሰው ሁለት ብርድ ልብስ ጠይቁ። የብርድ ልብስ ፋብሪካ ባለበት ከተማ ይህ ሊያስቸግር አይገባም። ካልተገኘ ከቤት ጋቢ ወይም የመንዝ ባና ላኩ። ባና የለበሰ ሰው ብርድ አይነካውም።

ብርዱ ዕቃውንም ይነካል። ባትሪ በብርድ ቶሎ ይደክማል፤ መኪና ውስጥ አይደር፣ ወደ ክፍል ይግባ። ከውጭ ብርድ በቀጥታ ወጥ ወደሚሠራበት ሙቅ ቤት የገባ ካሜራ ሌንሱ ላይ ላብ ይይዛል። የሙሽራዋ ዝግጅት ቤት ውስጥ ከሆነ ፎቶ አንሺው ትንሽ ቀደም ብሎ ገብቶ ካሜራውን በቦርሳው እንዳለ ያቆየው። የሜካፕ ክሬምም በብርድ ይደነድናል፤ ሙሽራዋ የምትኳልበት ክፍል ውስጥ ከሰል ሳይሆን የኤሌክትሪክ ማሞቂያ ይኑር። በተዘጋ ክፍል ውስጥ የሚነድ ከሰል ሰው ይገድላል። ባለሙያዎቹ የሚያድሩበት ክፍል ውስጥም ከሰል እንዳይገባ አደራ!

ሸዋ ሮቢት ከሆነ ነገሩ ይገለበጣል። ቆላ ነው፣ ይሞቃል፣ ወባም አለ። ብርድ ልብሱን ትታችሁ አጎበሩ ያልተቀደደ መሆኑን እዩ፤ ቬንትሌተር መኖሩንም ጠይቁ።

ሰርጉ ገጠር ነው፤ አልጋ ቤት የሚባል የለም። ምን እናድርግ?

ሁለት መንገድ አለ። ቅርብ ከሆነ ከተማ አሳድሮ ጎህ ሲቀድ ማምጣት፣ ወይም እዚያው መንደር ማሳደር። አንኮበር ከደብረ ብርሃን 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ፕሮግራሙ ረፈድ ብሎ የሚጀምር ከሆነ ደብረ ብርሃን አድሮ መሄድ ይቻላል። ለሌሊት ተክሊል ግን አይሆንም። መንዝ ውስጥ ገባ ያለ ቀበሌ ከሆነም እዚያው ማደር ይሻላል።

መንደር ስታሳድሩ አንድ ሙሉ ቤት ለባለሙያዎቹ ልቀቁ። ከሰርጉ ቤት ትንሽ ራቅ ያለ ቢሆን ጥሩ ነው፤ የሰርጉ ቤትማ ሌሊቱን ሙሉ አይተኛም። ፍራሽና ብርድ ልብስ ከዘመድ አዝማድ አሰባስቡ፤ እድራችሁ ያለው ዕቃ ካለም ጠይቁ። ንጹሕ አንሶላ ግን ራሳችሁ ግዙ። ለሴቶቹ ለብቻ ክፍል ይኑር። መጸዳጃው የት እንደሆነ ቀን ላይ አሳዩአቸውና ባትሪ መብራት ስጧቸው። ውሻ ካለ ይታሰር! ከሌሊቱ 9 ሰዓት ቦርሳ አንግቦ የሚወጣ እንግዳ ለውሻው ሌባ ነው።

መብራት የሌለበት ከሆነ ባትሪ ሁሉ ከከተማ ሞልቶ ይምጣ። ጄነሬተር የምትከራዩ ከሆነም በዋዜማው ማታ ለሁለት ሦስት ሰዓት አስነሱላቸው።

እራትና ቁርሳቸውስ?

የዋዜማው እራት የእናንተ ነው። እነሱ ሲደርሱ ቤቱ ግርግር ስለሚሆን "ቤት ያለውን ይበላሉ" አትበሉ፤ ሰዓት ወስኑ። ቀኑ ረቡዕ ወይም ዓርብ ከሆነ የጾሙን ጠይቁ። ሙስሊም ባለሙያ ካለ ደግሞ የሚበላውን ለብቻ አዘጋጁለት፤ የጾም ምግብ በዚህ ላይ በጣም ይረዳል።

ቁርሱ ነው የሚቸግረው። ሌሊት 9 ሰዓት ላይ የትኛውም ሆቴል ወጥ ቤት አይከፍትም። ማታ ዳቦ፣ ሙዝ፣ ውሃና በፔርሙዝ ሻይ ክፍላቸው አስገቡ። ትንሽ ነገር ናት፤ ግን ምን ያህል ደስ እንደሚላቸው ማየት ነው። አረቄና ጠጁ ሥራ እስኪያልቅ ይቆይ፤ ለሾፌሩማ ጨርሶ አይቀዳ።

በሰርጉ ማታ አምሽተው ሲመለሱ ምን ላስብ?

በሩን። ብዙ ፔንሲዮን ከምሽቱ 4 ወይም 5 ሰዓት ላይ የግቢውን በር ይዘጋል፤ ዘበኛውም ጋቢውን ተከናንቦ ጥጉን ይይዛል። ዲጄው 7 ሰዓት ላይ ስፒከር ተሸክሞ ቢያንኳኳ ማን ይሰማዋል? ዋዜማው ላይ ዘበኛውን በስማቸው ጠይቃችሁ ተዋወቋቸው። "ጋሼ፣ ነገ ማታ እነዚህ ልጆች ያመሻሉ፤ አደራ" በሏቸው፣ ስልካቸውን ያዙ፣ ለሻይም ስጧቸው። ከሰርጉ ቤት ምግብ ቋጥሮ መላክም ያምራል።

በዚያ ሰዓት ባጃጅ አይገኝም። የሚያደርሳቸው መኪና ቀድሞ ይወሰን። የሰዓት እላፊ ካለ ደግሞ ፕሮግራሙ ራሱ ከዚያ በፊት ያልቃል፤ ዲጄው ዕቃ የሚነቅልበትን አንድ ሰዓት ጭምር አስቡለት።

መንገድ ቢዘጋና ሳይመጡ ቢቀሩስ?

በዚህ ጊዜ ይህን ጥያቄ መፍራት የለባችሁም። ባለሙያዎቹ በዋዜማው ጠዋት እንዲነሱ አድርጉ፤ ከሰዓት አይጠበቅ። ከመነሳታቸው በፊት የዕለቱን ሁኔታ ከመናኸሪያ ወይም መንገዱን ከሚመላለስ ሾፌር ይጠይቁ። ለአልጋ የከፈላችሁት ቀብድ ቀን ቢቀየር ይዛወር እንደሆነ ከሆቴሉ ጋር ቀድማችሁ ተስማሙ።

ከዚህ የሚሻል መላም አለ። ለትንሽ ሰርግ የግድ ሁሉም ባለሙያ ከአዲስ አበባ መምጣት የለበትም። ደብረ ብርሃን ውስጥ ጎበዝ ፎቶ አንሺም፣ ሜካፕ ሠሪም፣ ዲኮርም አለ። ሥራቸውን ሄዳችሁ እዩ። አንድ ሁለቱን እንኳ ከአካባቢው ብትይዙ የአልጋው ወጪ ይቀንሳል፣ መንገድ ቢዘጋም ሙሽሮቹ ባዶ እጃቸውን አይቀሩም።

ለመልስም ይቆዩ?

ካሜራ ያስፈልጋል ካላችሁ አንድ ሰው ይበቃል። ተጨማሪ ሌሊት ስለሆነ ክፍያውም በውሉ ይግባ።

ይህን ሁሉ ማን ይከታተለው?

ሙሽራዋና ሙሽራው አይሁኑ፤ የሙሽራዋ እናትም አይሁኑ። ረጋ ያለ፣ ስልክ የሚያነሳ አንድ የአክስት ልጅ ወይም የሰፈር ወንድም ፈልጉ። ሚዜ አይሁን፣ የራሱ ጣጣ አለበት። የባለሙያዎቹን ስም፣ ስልክ፣ የክፍል ቁጥር፣ የሚነሱበትን ሰዓትና የሚያመጣቸውን መኪና በአንድ ወረቀት ጽፋችሁ ስጡት። የዘበኛው ስልክም እዚያው ላይ ይስፈር። ትንሽ ብርም ያዝ ያድርግ፤ ሌሊት ድንገተኛ ወጪ አይጠፋም።

እሱው በመጨረሻው ጠዋት ወደ ሆቴሉ ይሂድ። ቁልፍ ይረከብ፣ ሶኬት ላይ የቀረ ቻርጀር፣ መታጠቢያ ቤት የተረሳ የሜካፕ ብሩሽ ካለ ያንሳ። ተጨማሪ የታዘዘ ውሃና ሻይ ካለ ሂሳቡን እዚያው ዘግቶ ደረሰኙን ይቀበል። ባለሙያዎቹ ቁርስ በልተው ቀን በቀን ይነሱ።